የካፒቴኑን አረማመድ የሰረቀው ተዋናይ

ሲሪል ሃክተን በሞተ ሰሞን ፎቶግራፉ ጋዜጣ ላይ ወጥቶ ነበር። ዳቦ ልገዛ ወረፋ ይዤ ሳለሁ ባለሱቋ ጋዜጣውን ገልጣ፣ «ውይ! ይሄ ሰውዬ ሞተ እንዴ? አውቀዋለሁ እኮ! ማን ነበር ስሙ?» አለች። ከኋላዬ የቆመው ሰው «የባንክ ሥራ አስኪያጅ ነበር፤ ሊንከን ከተማ» አላት። አንዲት አሮጊት ደግሞ «ኧረ ቄስ ነው! የእኅቴን ልጅ የዳረው ቄስ!» ብለው ሊምሉ ቃጣቸው።

እኔ ዳቦዬን ይዤ ወጣሁ። ምን ብዬ ላስረዳ?

ፊቱን የማያውቅ ሰው በአገራችን አልነበረም፤ ስሙን የሚያውቅ ግን ጥቂት ነው። ከአንድ ሳምንት በቀር መሪ ተዋናይ ሆኖ አያውቅም። ልጅቱን የሚያገባት ሁልጊዜ ሌላ ሰው ነው። ሲሪል በሩን የሚከፍተው አሽከር፣ ኑዛዜውን የሚያነበው ጠበቃ፣ ከሁሉም ይልቅ ደግሞ በሦስተኛው ገቢር ባርኔጣውን በእጁ ይዞ ገብቶ ነፍሰ ገዳዩን የሚይዘው መርማሪ ነበር።

ተወልዶ ያደገው ኪግሊ በምትባል የሱፍ ፋብሪካ ከተማ ነው። አባቱ የትራም ትኬት ቆራጭ ነበሩ። ገና በዐሥራ ዘጠኝ ዓመቱ አንድ ሽማግሌ ተዋናይ በድንገት ታመመና፣ በእሱ ፈንታ የሰባ ዓመት አያት ሆኖ ተጫወተ። «ከዚያ ወዲያ ወጣት ሆኜ አላውቅም» ይል ነበር። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ግብፅ በረሃ ውስጥ ለሠራዊቱ ወጥ ሲሠራ ቆየ፤ ሰላም ሲሆን ከአንዱ የክፍለ ሀገር ቴአትር ወደ ሌላው እየተዘዋወረ፣ በመጨረሻ እኛ ዘንድ፣ የዓሣ አጥማጆች ወደብ ከሆነችው ግሪምስቢ ደረሰ። ሲመጣ ዕድሜው አርባ አምስት፣ ሻንጣው ሁለት ነበር፤ በአንዱ ልብሱን፣ በሌላው ፊቱን ይዞ። በሁለተኛው ሻንጣ ዊጉ፣ ልዩ ልዩ ሪዙ፣ ከሰም የተሠራ አፍንጫው ሁሉ በሥርዓት ተደርድሮ ነበር።

በቴአትራችን በየሳምንቱ ሰኞ አዲስ ተውኔት ይከፈታል። ማታ ማታ፣ ረቡዕ ደግሞ ከሰዓት በኋላም፣ የዚህን ሳምንት እንጫወታለን፤ ጠዋት የሚቀጥለውን እንለማመዳለን። እኔ ከመጋረጃው ጎን በርጩማ ላይ ተቀምጬ፣ ቃል ለጠፋበት ተዋናይ ቃሉን የማቀብል ነበርኩ። ሲሪልን በሁለት ዓመት ውስጥ አንድ ቀን እንኳ አቀብዬው አላውቅም።

ይህ የምነግራችሁ ነገር የሆነው በሁለተኛው ዓመት፣ በጥቅምት ወር ነው። ባሕር ልጁን የበላበት የአንድ ሽማግሌ የመርከብ አዛዥ ታሪክ ልናሳይ ተነሣን። መሪ ተዋናያችን ጉሮሮውን ታሞ ተኛ። ዳይሬክተሩ ዙሪያውን አየና፣ «ሲሪል፣ ሽማግሌው አንተ ነህ» አለው። በዚያ ላይ ከለንደን አንድ ትልቅ የቴአትር ሰው ሰኞ ማታ እመጣለሁ ብሎ ጽፎ ነበር። ሲሪል በሃያ ሰባት ዓመት ሥራው ተውኔቱ በእሱ ትከሻ ላይ ሲያርፍ ይህ የመጀመሪያው ነው። ሁላችንም የመጨረሻውም እንደሚሆን እናውቅ ነበር። ለግሪምስቢ ሕዝብ ዓሣ አጥማጅ ሆኖ መጫወት ደግሞ ለቄስ ጸሎት እንደማስተማር ነው።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ጠባዩ ተለወጠ።

ሲሪልና እኔ የወይዘሮ ብራምሊ ተከራዮች ነበርን። ወይዘሮዋ ሲያጉረመርሙ የማይሰማ ጎረቤት አልነበረም፤ ልባቸው ግን ክፉ አይደለም። አንድ ጠዋት የሲሪልን ሳህን ወደ እኔ ገፋ አድርገው፣ «ኤድና፣ ተመልከቺ! ዓሣውን ሳይነካው ወጣ። ሦስተኛ ቀኑ ነው። ይህ ሰውዬ ሴት ይዟል» አሉኝ።

«ሲሪል? ሴት?» ብዬ ሳቅሁ።

«ሴት ካልያዘ የሚሸሽገው ነገር አለ። ክፍሉ ውስጥ ሲመላለስ እሰማዋለሁ። ትንሽ ይራመዳል፣ ይቆማል፤ ትንሽ ይራመዳል፣ ይቆማል። ጤነኛ ሰው እንዲህ ይሄዳል? ጠርጥር፣ ከገንፎ ውስጥም አለ ስንጥር!»

ስቄ ተውኩት። በማግስቱ ግን በዓይኔ አየሁት።

ያደግሁበት ሰፈር የዓሣ አጥማጆች ሰፈር ነው፤ ከወደቡ ጀርባ የተደረደሩ ጠባብ የጡብ ቤቶች ያሉበት። እዚያ የሚኖሩት ሽማግሌው የዓሣ መርከብ አዛዥ፣ ካፒቴን ጃቤዝ ኮልበርን፣ ከቤታቸው ወጥተው ቀስ ብለው ወደ ወደቡ ይሄዳሉ። ሃያ እርምጃ ያህል ከኋላቸው ሲሪል፣ ኮፍያውን እስከ ቅንድቡ አውርዶ ይከተላል። ሽማግሌው ቆም ሲሉ እሱም ቆሞ አንድ የሱቅ መስኮት በጥሞና ማየት ጀመረ። መስኮቱ የሴቶች የውስጥ ልብስ የሚሸጥበት ነበር። ሁለት ሴቶች ተገላምጠውት ሲያልፉ እንኳ አላስተዋለም።

ነገሩ አላማረኝም። ምክንያቱም በዚያ ዓመት ጸደይ የካፒቴን ጃቤዝ መርከብ ወደብ ስትገባ ሁለት ጊዜ ግድግዳውን ገጭታ ነበር። ባለመርከቡ ጥያቄ ማብዛት ጀምሯል፤ ሰፈሩም «ነጭ ለባሽ ቀጥሮባቸዋል» እያለ ያወራል። ጥፋት ከተገኘባቸው የአዛዥነት ፈቃዳቸው ይነጠቃል። አርባ ዓመት ባሕር ላይ ለኖረ ሰው ያ ማለት ከነሕይወቱ መቀበር ነው። ካፒቴን ጃቤዝ ለእኔ እንዲሁ ጎረቤት ብቻ አይደሉም፤ የአባቴን የኔድን ሬሳ ከባሕር አውጥተው ለእናቴ ያመጡላት እሳቸው ናቸው።

በዚያው ሳምንት ሲሪል ከልምምድ ሲወጣ ማስታወሻ ደብተሩን ወንበር ላይ ረሳው። የሰው ደብተር መክፈት ነውር ነው፤ እናቴ እንዲህ አላሳደገችኝም። ቢሆንም ከፈትሁት። «ማክሰኞ። ለሦስት ሰዓት ሩብ ጉዳይ ሲል ከበሩ ወጣ። ዐሥራ አንድ እርምጃ። ከዚያ ቀኝ እጁ ግድግዳውን ነካ።» ቀጥሎም ሌላ ሰዓት፣ ሌላ የእርምጃ ቁጥር። ዘግቼ ወንበሩ ላይ መለስሁት። ያ ትሑት ሰው፣ ሻይ ሲቀዳልኝ የሚያመሰግነኝ ሰው፣ ሰላይ ነው ማለት ነው? ማታ ከመጋረጃው ጎን ሆኜ መርማሪ ፖሊሱን ሲጫወት ሳየው ትወና አልመስል አለኝ።

ዓርብ ከልምምድ ስመለስ አንዲት ጎረቤት ከሩቅ ጮኸችብኝ። «የኔድ ልጅ! ሩጪ! እትዬ ኬዚያ ሰላዩን ያዙት!»

እትዬ ኬዚያ የካፒቴን ጃቤዝ እኅት ናቸው። ባል አላገቡም፤ ወንድማቸውን ሲጦሩ የኖሩ፣ ጸሎት ቤት የማይቀሩ ሴት ናቸው። ስገባ ሲሪል ወጥ ቤቱ መካከል ወንበር ላይ ተቀምጧል፤ እሳቸው የእሳት መቆስቆሻውን ብረት ጨብጠው ፊቱ ቆመዋል። ካፒቴን ጃቤዝ ከምድጃው አጠገብ ፒፓቸውን ያጨሳሉ።

«ይሄን ፊት አውቀዋለሁ!» ይላሉ እትዬ ኬዚያ። «አውቀዋለሁ ብያለሁ! ሰው ሲያስር አይቼዋለሁ! አንድ ምስኪን ወጣት እጁን በካቴና ጠፍሮ ሲወስደው፣ በዚህ በዓይኔ!»

«እሜቴ፣ እኔ ተዋናይ ነኝ» አለ ሲሪል።

«ተዋናይ! እኔ ደግሞ ንግሥት ነኝ!» ወደ እኔ ዞሩ። «አንቺ ልጅ፣ ታውቂዋለሽ?»

«አውቀዋለሁ፣ እትዬ። ከእኛ ጋር ነው የሚሠራው።» ከዚያ የተናገሩት ነገር ዘግይቶ ገባኝ። «ምስኪኑን ወጣት ሲያስር ያዩት ባለፈው ዓመት፣ አንድ ረቡዕ ከሰዓት በኋላ አይደለም? በቢላዋ የገደለውን ልጅ? ሦስተኛው ገቢር ላይ?»

እትዬ ኬዚያ ብረቱን ዝቅ አደረጉ። ፊታቸው ቀላ። ቴአትር ቤት የሰይጣን ሳሎን ነው እያሉ ሲሰብኩ የኖሩት እሳቸው ነበሩ።

«ኬዚያ?» አሉ ካፒቴን ጃቤዝ ፒፓቸውን ከአፋቸው አውጥተው። «ረቡዕ ከሰዓት በኋላ የምትሄጂው የበሽተኛ ጥየቃ አልነበረም እንዴ?»

«ወሬ አታስቀይስብኝ!» ብለው ጮኹባቸው እኅትየው። «ተዋናይ ከሆነ ለምን ይከተልሃል? ኪሱ ውስጥ ይሄን አገኘሁ!» ደብተሩን ጠረጴዛው ላይ ወረወሩት።

ካፒቴኑ ደብተሩን በእጃቸው ዳበስ ዳበስ አድርገው ወደ እኔ ገፉት። «አንብቢልኝ፣ ልጄ። መነጽሬን መርከብ ላይ ረስቻለሁ።»

የማክሰኞውን አነበብሁ። ቀጠልሁ። «ረቡዕ። ሰው ሰላም ሲለው መጀመሪያ ጆሮውን ያዞራል፤ ፊቱ ቆይቶ ይከተላል። ከእግረኛው መንገድ ከመውረዱ በፊት ጠርዙን በጫማው ጫፍ ይፈልጋል። ለምን?» ገጹን ገለጥሁ። «ሐሙስ። ክፍሌ ውስጥ ብዙ ሞከርሁ፣ አልመጣ አለኝ። በመጨረሻ ዓይኔን ጨፍኜ ስሄድ አረማመዱ በራሱ መጣ። ምነው ባላወቅሁ።»

«ኤድና፣ በቃ» አለ ሲሪል ቀስ ብሎ።

እትዬ ኬዚያ ብረቱን እንደያዙ አንዴ ወንድማቸውን፣ አንዴ ሲሪልን አዩ። «ምን ማለት ነው? ተዋናይ ነኝ ካልክ ተነሥና አሳየኝ!»

ሲሪል ካፒቴኑን አያቸው። ኮፍያውን አወለቀና ወደ በሩ ሄደ፤ ዞሮ ተመለሰ። ዊግ የለ፣ ሪዝ የለ፤ ግን በሩ ላይ የነበረው ሲሪል አልነበረም። ካፒቴን ጃቤዝ በገዛ ወጥ ቤታቸው ውስጥ በእግራቸው መጡ፤ ትከሻቸው ሰፍቶ፣ ቀኝ እጃቸው የቁም ሣጥኑን ጠርዝ ሳያየው ፈልጎ ሲያገኘው፣ ጫማቸው የምንጣፉን ጫፍ ሲጠይቅ። ወንበሩ ጋ ሲደርሱ መጀመሪያ ጉልበታቸው ነካው፤ ከዚያ ተቀመጡ።

ብረቱ ከእትዬ ኬዚያ እጅ ወደቀ።

«ጃቤዝ … ዓይንህ! ከመቼ ጀምሮ ነው?»

«ከገና ወዲህ» አሉ ካፒቴኑ።

«እንግዲያው ሻይ ስቀዳልህ ጣትህን ስኒው ውስጥ የምትነክረው ለዚህ ነው! ቆሻሻ ሽማግሌ እያልሁ ስሰድብህ! ለምን አልነገርከኝም?»

«ለአንቺ የነገሩት ነገር መች ሰፈር ሳይዞር ያድራል?»

እትዬ ኬዚያ ሽርጣቸውን ፊታቸው ላይ አድርገው አለቀሱ። ካፒቴኑ ወደ ሲሪል ዞሩ፤ እንደ ተጻፈው፣ መጀመሪያ ጆሯቸው።

«ለማን ትናገራለህ?»

«ለማንም ልናገር አልመጣሁም፣ ካፒቴን። አረማመድ ፍለጋ ነው የመጣሁት። ግን ሰኞ ማታ መድረክ ላይ ይህን ስራመድ አዳራሹ በሙሉ እርስዎን ያያል።»

«አትራመደዋ!»

«ሌላ አለኝ። ውሸት ነው እንጂ አለኝ።»

«ውሸቱን ሂደዋ። እኔ ሰኞ በአራት ሰዓት ወደ አይስላንድ እወጣለሁ።»

ሲሪል ከወንበሩ ተነሣ። «እርስዎ ከወጡ እኔ ማታ ውሸቱን እሄዳለሁ። ከዚያ በፊት ግን ባለመርከቡ ቢሮ እሄዳለሁ። አብሮዎት የሚሳፈረው ሃያ ሰው ነው፣ ካፒቴን።»

«እንግዲያው ሰላይ ነህ።»

«እስከ ዛሬ አልነበርኩም» አለ ሲሪል።

ስንወጣ ደጃፉ በጎረቤት ተሞልቶ ነበር። የሆነውን ለማንም አልተናገርንም፤ ስላልተናገርንም ጥርጣሬው ባሰ። ቅዳሜ ጠዋት የቴአትሩ የኋላ በር ላይ የዓሣ ጭንቅላት በምስማር ተመቶ ተገኘ። ወይዘሮ ብራምሊ «እኔ ምን አልኩ? ስንጥሩን አላልኩም?» እያሉ የሲሪልን ቁርስ ራቅ አድርገው ያስቀምጡለት ጀመር። ሲሪል በልምምድ ላይ አንዴ አንዱን አረማመድ፣ አንዴ ሌላውን ይሄዳል። ዳይሬክተሩ ተናዶ «የቱ ነው ሰውዬው?» ሲለው፣ «ሰኞ እነግርሃለሁ» ይለዋል። ውሸቱን አየሁት፤ ጥሩ ነበር፣ ሰው ያጨበጭብለታል። ግን እውነቱን ያየ ሰው ያን መልሶ ማየት አይችልም። ሲሪልም ያውቃል።

እኔን ግን ሌላ ነገር ያስጨንቀኝ ነበር። ሽማግሌው እኮ እልኸኛ ናቸው። ቢወጡስ?

ሰኞ ጠዋት ሲሪል ጥቁር ካፖርቱን ለብሶ ከክፍሉ ወጣ። በእጁ የያዘውን ባርኔጣ ሳይ ደነገጥሁ፤ የሦስተኛው ገቢር ባርኔጣ ነበር። ሌላ ባርኔጣ አልነበረውም፣ ምን ያድርግ? አብሬው ሄድሁ። ወደቡ አጠገብ ስንደርስ አራት ሰዓት ሞላና የመርከቢቱ ጥሩንባ ጮኸ። መርከቢቱ ከግድግዳው ተላቃ ቀስ ብላ ስትወጣ በሁለት መጋዘኖች መካከል ታየችን።

«ወጡ» አለ ሲሪል። ባርኔጣውን አደረገና ወደ ባለመርከቡ ቢሮ ዞረ።

«ቆይ!» ብዬ እጅጌውን ያዝሁት። «መጀመሪያ የእትዬ ኬዚያን ገመድ እንይ።»

«የምን ገመድ?»

ኪግሊ ያደገ ሰው ይህን ከየት ያውቃል? እኛ ዘንድ ሰኞ ሁሉም ቤት ልብስ ያጥባል። ሰው ባሕር የሚወጣበት ቤት ግን በዚያ ቀን ጨርቅ ውሃ ውስጥ አይነከርም። ያጠበች ሴት ሰውዋን አጥባ ትሸኘዋለች ይባላል። አባቴ የቀረ ዕለት እናቴ አንዲት መሐረብ አጥባ ነበር፤ እስክትሞት ድረስ ያቺን መሐረብ ከአንደበቷ አልለየቻትም። እትዬ ኬዚያ በአርባ ዓመት ውስጥ ይህን ሥርዓት አንድ ቀን አላፈረሱም።

በቤቶቹ ጀርባ ባለችው ጠባብ መንገድ ሄድን። በየጓሮው ነጭ ልብስ ይውለበለባል። ባዶ ገመድ ከሩቅ አየሁና ሮጥሁ፤ ያ ግን የጎረቤቱ ነው፤ ልጁ በዚያች መርከብ ወጥቷል። ከእሱ ቀጥሎ፣ ከግንቡ በላይ፣ ሁለት አንሶላ፣ የካፒቴኑ ረጅም የውስጥ ሱሪ፣ በመጨረሻም ባሕር ሲወጡ ብቻ የሚለብሱት ሰማያዊ ሹራብ፣ ውሃው እየተንጠባጠበ፣ እጁን ዘርግቶ ተሰቅሏል።

እትዬ ኬዚያ የልብስ መቆንጠጫ በከንፈራቸው ይዘው ብቅ አሉ። መቆንጠጫውን አወጡና፣ «ምን ታፈጣለህ አንተ? ልብስ ሲሰጣ አይተህ አታውቅም?» አሉት።

«ካፒቴኑስ?» አለ ሲሪል።

«ቅዳሜ ባለመርከቡ ዘንድ ሄዶ ፈቃዱን ጠረጴዛው ላይ አኑሮለት መጣ። መርከቧን ሌላ ሰው ይዟት ወጣ። እኔን ከዚያ ወዲህ አላናገረኝም። ለአንተ ግን መልእክት አለው፤ ‹የኔን ይሂድ፤ ከሄደው ግን አስተካክሎ ይሂደው› ብሏል።» አንድ ካልሲ አንሥተው ጨመቁ። «ደግሞ ለማታ ሁለት ቦታ ያዝልን። ከፊት ይሁን። ከኋላ ሆኖ አይሰማም።»

«ከኋላ እንደማይሰማ በምን አወቁ፣ እትዬ?» አልኳቸው።

«አንቺ ሂጂ ወደዚያ!»

ሲሪል ባርኔጣውን አውልቆ ግንቡን ተደገፈ። ያን ያህል ጊዜ ሳውቀው ሲያለቅስ ያየሁት ያን ቀን ብቻ ነው።

ማታ አዳራሹ ጢም ብሎ ሞላ። ግማሹ የመጣው ሰላዩን ሊያፏጭበት ነበር። ሲሪል ከግራ በኩል ገባ፤ ዐሥራ አንድ እርምጃ፣ ከዚያ ቀኝ እጁ ግድግዳውን ነካ። ከላይ ካለው ሰገነት አንድ ዓሣ አጥማጅ «ጃቤዝ!» ሲል ሰማሁ። ከዚያ ማንም አላፏጨም። ካፒቴኑ ፈቃዳቸውን የመለሱበት ምክንያት በዚያው ቀን ሰፈሩን አዳርሶት ነበርና ሁሉም የሚያየውን ያውቃል። እትዬ ኬዚያ ወደ ወንድማቸው ጆሮ ተጠግተው የሚታየውን ሊነግሯቸው ሲጀምሩ፣ ካፒቴኑ «ዝም በይ፣ እየሰማሁት ነው» አሏቸው።

ሲያበቃ ካፒቴኑ በኋላው በር መጡ። የዓሣው ጭንቅላት የተመታበት ምስማር ገና አልተነቀለም ነበር።

«ግራ እግርህን ትጎትታለህ» አሉት ሲሪልን። «እኔ አልጎትትም።»

«ይጎትታሉ፣ ካፒቴን።»

ትንሽ አሰቡ። «ምናልባት» አሉና እጃቸውን ዘረጉለት፤ ከሲሪል ጥቂት ወደ ቀኝ በኩል። ሲሪል ፈጠን ብሎ ወደዚያ ተጠጋና ጨበጣቸው።

የለንደኑ ሰው ተውኔቱን ወደደው። በጸደይ ወደ ለንደን ወሰደው፤ የሽማግሌውን ቦታ ስም ላለው ሌላ ተዋናይ ሰጠና፣ ሲሪልን በሁለተኛው ገቢር መርዶ ይዞ ለሚመጣው ፖሊስ ጠራው። ሲሪል ሄደ። ከዚያ ወዲያ ሠላሳ ዓመት በመድረክም፣ በሲኒማም፣ በኋላም በቴሌቪዥን ባርኔጣውን ይዞ ሲገባ ሲወጣ ኖረ። ስሙን የያዘለት ሰው ግን አልነበረም። በየዓመቱ ጥቅምት ለካፒቴን ጃቤዝ ደብዳቤ ይልክላቸው ነበር፤ የማነብላቸው እኔ ነበርኩ።

እትዬ ኬዚያ ኋላ ላይ ቴሌቪዥን ገዙ። ጸሎት ቤቱ ምን እንዳለ አልጠየቅሁም። እሑድ እሑድ እዚያ እሄድ ነበር። ካፒቴኑ ጭራሽ ማየት ትተዋል፤ ወንበራቸውን ወደ ምድጃው አዙረው ይቀመጣሉ። በቴሌቪዥኑ ውስጥ በአንድ ረጅም ኮሪደር የሰው ኮቴ ይሰማል፤ እትዬ ኬዚያ ገና በሩን እያዩ «ደግሞ ማን ሊመጣ ነው?» ሲሉ፣ ሽማግሌው ፒፓቸውን ከአፋቸው ያወጣሉ።

«ሲሪል ነዋ» ይላሉ። «ግራውን ይጎትታል።»